ጉንዳን፣ አሁንም ጉንዳን

አባዬ ጡረታ በወጣ በሦስተኛው ሳምንት የእማዬን የልብስ ስፌት መኪና ፈታታው። መኪናው ምንም አልሆነም ነበር። አባዬ ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ በአንድ መሥሪያ ቤት ምድር ቤት ውስጥ የጽሕፈት መኪና ሲጠግን የኖረ ሰው ነው፤ ኮምፒውተር ሲገባ ከነፒንሳው ወደ ቤት ሸኙት። ቤት ውስጥ ደግሞ የተበላሸ ነገር አልነበረም። ስለዚህ ያልተበላሸውን መጠገን ጀመረ። መጀመሪያ የግድግዳውን ሰዓት ጠገነው፤ ከዚያ ወዲህ ሰዓቱ በቀን ሃያ ደቂቃ ስለሚቀድም እኔ ትምህርት ቤት ከዘበኛው በፊት መድረስ ጀመርኩ። ቀጥሎ ካውያውን ጠገነው፤ ካውያው ከዚያ ወዲያ አልጋለም።

የስፌት መኪናውን መልሶ ሲገጥም አንዲት ብሎን ተረፈችው። ግራ ቀኝ አገላብጦ አያትና "ይቺ ትርፍ ናት" ብሎ ኪሱ ከተታት። በማግስቱ መኪናው በአንዲት ሙሽራ ነጭ ቀሚስ ላይ መዳፍ የሚያህል የዘይት እድፍ ተፋ።

እማዬ አልጮኸችም። እሷ ስትናደድ ድምፅዋ ዝቅ ይላል፤ ዝቅ ባለ ቁጥር ቤቱ ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ይጠፋል። እኔ የጠፋሁት መቁረጫው ጠረጴዛ ሥር ነበር። እዚያ መሆን መብቴም ሥራዬም ነው፤ የወደቁ መርፌዎችን በማግኔት የምለቅመው እኔ ነበርኩ። ከላይ ትልልቅ ሰዎች ልካቸውን እየተለኩ ያወራሉ፤ ከታች እኔ መርፌውንም ወሬውንም እለቅማለሁ። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ስለነበርኩ ከመርፌው ይልቅ ወሬው ይወጋኝ እንደነበር ያወቅኩት ቆይቼ ነው።

በዚያ ቀን ቀሚሷን ልታስጠብብ የመጣችው ጎረቤታችን ነርሷ ነበረች። እማዬ አፏ ውስጥ መርፌ እንደያዘች ብሶቷን ዘረገፈችላት። "ሥራ ያጣ መነኩሴ ቆቡን ቀዶ ይሰፋል ይላሉ። መነኩሴውስ የቀደደው የራሱን ቆብ ነው፤ የእኔው ሰውዬ ግን የሰው ሙሽራ ልብስ ላይ ነው የወጣው።"

ነርሷ ስቃ ስቃ ሲበቃት መላ አመጣች። በሰፈራችን ቤተ መጻሕፍት አዳራሽ ውስጥ ቅዳሜ ቅዳሜ የሚሰጥ ትምህርት አለ፤ የአካባቢውን ቅጠል፣ ወፍና ነፍሳት ለይቶ ማወቅ ነው፤ ለጎልማሳ ሁሉ ክፍት ነው፤ ሦስት ወር ይፈጃል፤ ሲጨርሱ የምስክር ወረቀት ይሰጣሉ። እማዬ ከመስፊያ ክፍሏ የሚያወጣላት ከሆነ ድንጋይም ይማር አለች። ከዚያ ድምፅዋ ጠረጴዛው ሥር ድረስ ዝቅ አለ።

"ይሄም ካልያዘለት ግን፣ እውነቴን ነው የምልሽ፣ ሻንጣዬን ይዤ ቤቱን ትቼለት ነው የምወጣው።"

እማዬ ቃሏን የምታከብር ሰው ናት። ለሐሙስ ያለችው ልብስ ለሐሙስ ይደርሳል። ሻንጣዋን ይዛ እወጣለሁ ካለች ትወጣለች። መርፌ መልቀሜን ትቼ እዚያው ቁጭ አልኩ።

ዛሬ እኔም ባለትዳር ነኝ፤ ይህችኑ ዐረፍተ ነገር ለባሌ ዘንድሮ ብቻ ሁለት ጊዜ ብያለሁ። ሻንጣዬ ዚፑ እንኳን አይሠራም።

አባዬ ተመዘገበ። አስተማሪዋ ቀጭን፣ ረዥም፣ መነጽሯን በገመድ አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች አሮጊት ስትሆን ተማሪዎቿ "ቀስ በቀስ" የሚል ቅጽል አውጥተውላታል፤ ምንም ነገር ብትጠየቅ መልሷ "ቀስ በቀስ" ነውና። አባዬ ለመጀመሪያ ጊዜ ይህን ሲሰማ "እንቁላል በእግሩ ይሄዳል" ብሎ ቢጨርስላት፣ "መጀመሪያ እንቁላሉን ያግኙት" አለችው አሉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ አባዬ ያከብራታል።

የትምህርቱ ዋና ሥራ እንዲህ ነው። እያንዳንዱ ተማሪ በሚኖርበት ቤት አንድ እርምጃ በአንድ እርምጃ የሆነ መሬት በአራት ችካልና በክር ያጥራል። በየማለዳው እዚያ ይቀመጥና በክሩ ውስጥ ያየውን ሕይወት ያለው ነገር ሁሉ በደብተር ይጽፋል። ደንቡ ሦስት ነው፤ አባዬ ራት ላይ ጣቱን እያጠፈ ይነግረን ነበር። ያየኸውን ጻፍ እንጂ የምታውቀውን አትጻፍ። ምንም አታስገባ፣ ምንም አታውጣ። አትንካ። እማዬ ሦስተኛው ደንብ መኪናዋንም እንደሚጨምር ጠየቀችው፤ አባዬ ለጊዜው ይጨምራል አላት።

የእኛ ጓሮ ለዚህ ሥራ የተፈጠረ አልነበረም። በበርሜሉና በግንቡ መካከል ያለች፣ እማዬ የጨርቅ ቁርጥራጭ የምትጥልባት ደረቅ መሬት ናት። አባዬ በእማዬ ሜትር ለካት፣ በእማዬ ቢጫ ክር አጠራት፤ ስለ ክሩ ትንሽ ተጣሉ። ከዚያ አጭር በርጩማ ላይ ትራስ አድርጎ ከአሥራ ሁለት ሰዓት ጀምሮ ተቀመጠ። አንድ ቀን ደብተሩን ከፍቼ አየሁት። ቀን አንድ፣ ጉንዳን። ቀን ሁለት፣ ጉንዳን። ቀን ሦስት፣ ጉንዳን፣ አሁንም ጉንዳን። እስከ ቀን አሥራ ሦስት ድረስ እንደዚያ ነው፤ ቀን ዘጠኝ ላይ ብቻ "ዝናብ፤ ጉንዳን የለም" ይላል።

እኔ ይህ አያሳስበኝም ነበር፤ ያሳሰበኝ መድኃኒት ቀማሚው ነው። እሱም ያንኑ ትምህርት ይማራል። ግቢው ውስጥ የዓሣ ገንዳ ያለው፣ ሲናገር ተረከዙን ብድግ ዝቅ የሚያደርግ ሰው ነው። ነጭ ጋዋኑን ሊያሳጥር መጣና እማዬን፣ የባለቤትዎ ጉንዳን እንዴት ነው ብሎ ጠየቃት። እሱ ሃያ ሁለት ዓይነት ደርሷል። "እንግዲህ ከሠላሳ በታች ያመጣ ሰው ወረቀቱን የሚያገኝ አይመስለኝም" አለ። እማዬ መርፌዋን ትንሽ ጠለቅ አድርጋ ስለሰካችው ዘለለ።

ሠላሳ የሚባል ነገር አልነበረም። ቀስ በቀስ ለማንም ቁጥር ነግራ አታውቅም፤ የምትፈልገው ያልተዋሸበት ደብተር ብቻ ነበር። መድኃኒት ቀማሚው ቁጥሩን ከራሱ አፍልቆ፣ ቀድሞ የደረሰበት እሱ ሊሆን ነው። ለአፍ ዳገት የለውም። እኔ ግን ጠረጴዛው ሥር ሆኜ ሒሳብ ሠራሁ። ከሠላሳ አንድ ሲቀነስ ሃያ ዘጠኝ። እማዬ እንዳትሄድ ሃያ ዘጠኝ እንስሳ ያስፈልገኛል።

ደንቡን አላውቅም ልል አልችልም፤ በየራቱ ሰምቼዋለሁ። ነገር ግን ደንቡ ለተመዘገበ ሰው ነው፤ እኔ ደግሞ አልተመዘገብኩም።

ከእማዬ የልብስ ቁልፍ ቆርቆሮ ውስጥ ቁልፎቹንና ፈርጦቹን ካልሲ ውስጥ ገለበጥኩና ቆርቆሮውን ወሰድኩ። አባዬ በጠገነው ሰዓት ምክንያት ትምህርት ቤት ቀድሜ ስለምደርስ አጥሩ ሥር ካለው እርጥብ ቅጠል አራት ቀንድ አውጣ ለቀምኩ። በማግስቱ ማለዳ፣ አባዬ በርጩማውን ከማውጣቱ በፊት፣ ባዶ እግሬን ወጥቼ በክሩ ውስጥ ደረደርኳቸው። ቁርስ ላይ አባዬ ሻዩን ሁለት ጊዜ ፉት ብሎ፣ ዛሬ አራት ቀንድ አውጣ መጥተዋል አለ። እማዬ ከየት ብላ ጠየቀችው። "እሱን ነው እስካሁን ያላወቅኩት" አለና በብርጭቆው አናት ላይ አየኝ። ደስታ ያሳበጠው ፊት መሰለኝ። ሳቅ ያሳበጠው ፊት ምን እንደሚመስል ገና አልተማርኩም ነበር።

ከዚያ በኋላ ማን ይቻለኝ። ፌንጣ አመጣሁ፤ ዘሎ ሄደ፤ ሌላ አመጣሁ። አባጨጓሬ፣ ጢንዚዛ፣ ክንፏ የተሰበረ ቢራቢሮ። ከመንገዱ ማዶ ካለው የልብስ እጥበት ቤት ቦይ እንቁራሪት ያዝኩ፤ ወደ ደረቅ መሬት ስለምወስደው መንገዱን ሙሉ ይቅርታ ስጠይቀው መጣሁ። ትልቁ ድሌ እስስት ነበር፤ የያዝኩት ከራሱ ከቤተ መጻሕፍቱ አጥር ላይ ነው። ይህ ስርቆት ይሁን አይሁን ሦስት ቀን አስቤበታለሁ።

አንድ ቀን ግን እጅ ከፍንጅ ልያዝ ነበር። ማታ ቆርቆሮውን ቁልፎቹን መልሼበት ቦታው ሳኖር አንድ ቀንድ አውጣ ውስጡ መቅረቱን ልብ አላልኩም። እማዬ አንዲት ደንበኛ እያለበሰች፣ ሳታይ እጇን ሰደደችና ቁልፍ ፍለጋ ዳበሰች። በዕድሜዬ ለመጀመሪያ ጊዜ እማዬ ስትጮኽ ሰማሁ። ደንበኛዋም ምን እንደሆነ ሳታውቅ አብራ ጮኸች። አባዬ ከጓዳ መጥቶ ቀንድ አውጣውን በሁለት ጣቱ አነሣና፣ ክብ ነገር ሲያይ ዘመዶቹ መስለውት ገብቶ ይሆናል አለ። ቀንድ አውጣውን ወደ ጓሮ ሲወስደው እኔን አላየኝም፤ እኔም ስላላየኝ ዕድለኛ ነኝ ብዬ አሰብኩ።

አሥራ ሰባት ዓይነት ስንደርስ ጉድ ፈላ። ያፈላችው እማዬ ናት። ካውያውንና ሰዓቱን የረሳች ይመስል ለደንበኛ ሁሉ "የእኛ ሰውዬ ጓሮ እስስት ገባ" ማለት አበዛች፤ ያኔ ኩራት መሆኑን አላወቅኩም። ወሬው መድኃኒት ቀማሚው ጋ ደረሰ። መድኃኒት ቀማሚው ለቀስ በቀስ አደረሰው፤ በዚያ ደረቅ መሬት ላይ እንቁራሪትና እስስት አንድ ላይ መገኘታቸው ለሳይንስ ትልቅ ነገር ነውና ሁላችንም ሄደን እንየው አለ። አባዬ ጓሮው ጠባብ ነው፣ ሰው አይችልም፣ ደግሞም ጠዋት ጭቃ ይሆናል ብሎ ሊከላከል ሞከረ። ጭቃ ሆኖ የማያውቅ ጓሮ ነው። እኔ፣ አባዬ ዓይን አፋር ስለሆነ ነው ብዬ አዘንኩለት።

ቅዳሜ ጠዋት አሥራ አንድ ሰው ጓሯችን ገባ። እኔ ቆርቆሮዬን እንዳቀፍኩ በርሜሉ ጀርባ ተደበቅኩ። እስስቱ ቢጫው ክር ላይ ወጥቶ አንዱን ዓይኑን ወደ ሰዎቹ ሌላውን ወደ ሰማይ አድርጓል፤ ከተማሪዎቹ አንዷ እሱን ስታይ የአባዬ በርጩማ ላይ ወጣች። በርጩማው ሥር ደግሞ እንቁራሪቱ አለ፤ ተበድሎ ፍርድ የሚጠብቅ ሰው ይመስላል። ቀስ በቀስ ተንበረከከች፤ ለመንበርከክ ራሱ አንድ ደቂቃ ፈጀባት። ማጉያ መነጽሯን አወጣችና አንዱን ቀንድ አውጣ ለረዥም ጊዜ አየችው። ከዚያ በጥፍሯ ጫፍ ከቅርፊቱ ላይ የሆነ ነገር አነሣች። የሙሽራ ቀሚስ ላይ የሚሰፋ፣ የእንቁ ቅርጽ ያለው ነጭ ፈርጥ ነው።

"ይሄ ቀንድ አውጣ ሠርግ ተጠርቶ ነበር እንዴ?" አለች።

አንዳንዶቹ ሳቁ። እሷ አልሳቀችም። እንደዚሁ እንደተንበረከከች አንገቷን አቅንታ አባዬን አየችው።

"ጋሼ፣ እነዚህ ከየት መጡ?"

የቆርቆሮው ክዳን እጄ ላይ ተንቀጫቀጨ፤ በሆዴ አቅፌ ጨቆንኩት። እኔ ነኝ ልል ነበር። ዛሬም ድረስ፣ አባዬ ትንሽ ቢታገሰኝ ኖሮ እለው ነበር ብዬ ራሴን አጽናናለሁ።

"እኔ ነኝ ያመጣኋቸው" አለ አባዬ።

መድኃኒት ቀማሚው ተረከዙን ብድግ አደረገና፣ ነገሩ ከመጀመሪያውም አላማረኝም ነበር አለ። ሌሎቹ መሬት መሬት አዩ። ቀስ በቀስ ግን አባዬን አይታ፣ በርሜሉን አይታ፣ እንደገና አባዬን አየችው። ደንብ ደንብ ነው፣ በዚህ መሬት ወረቀት ልትሰጠው አትችልም፤ ደብተሩን ግን እንደማንኛውም ተማሪ ማስረከብ አለበት አለች። አባዬ ሰጣት። ጆሮው ቀልቶ ነበር። አባቴን ሰው ፊት ሲያፍር ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው፤ እስከዛሬ ሳስታውሰው ፊቴ ይግላል።

ከሰዓት በኋላ እማዬ ቁምሣጥን ላይ ያለውን ሻንጣ ስታወርድ አየኋት። በቃ፣ ቀኑ ደረሰ። ሄጄ ሻንጣው ላይ ተቀመጥኩበት። ተነሺ ብትለኝ እምቢ አልኩ። ብትስበኝ እጀታውን በሁለት እጄ ያዝኩ።

"እማዬ፣ አትሂጂ" አልኳት። "አሥራ ሰባት ደርሶ ነበር እኮ።"

ምን እንደምል ለመረዳት ትንሽ ጊዜ ወሰደባት። ጠረጴዛው ሥር የሰማሁትን እያለቀስኩ ነገርኳት፤ ስለ ቆርቆሮው ግን ትንፍሽ አላልኩም። እማዬ መኪናዋ ላይ እስክትደገፍ ድረስ በሳቅ ፈረሰች። ሻንጣው ለሦስት ልብሶች ነበር፤ ለደንበኛ ልታደርሳቸው ነው። እንባዬን በያዘችው ጨርቅ ጠረገችልኝና፣ እሷ የትም እንደማትሄድ፣ ሰውዬው ሦስት ወር ለሚጠጋ ጊዜ መኪናዋን ስላልነካላት እንዲያውም ምስክር ወረቀቱን ራሷ ብትጽፍለት ደስ እንደሚላት ነገረችኝ።

እማዬ ቀረች፤ አባዬ ግን ባላደረገው ነገር አፍሮ ቀረ። ያንን የሚጠግን ሰው አልነበረም። በማግስቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ፣ በዚህ ጊዜ ያለ ቆርቆሮ፣ ጓሮ ወጣሁ። አባዬ በርጩማው ላይ ነበር። ትራሱን ከሥሩ አወጣና አጠገቡ መሬት ላይ አነጠፈልኝ። ያን ቀን እንስሳቱን ወደየቦታቸው መለስን፤ ቀንድ አውጣዎቹን ወደ ትምህርት ቤቱ አጥር፣ እንቁራሪቱን ወደ ቦዩ፣ እስስቱን ወደ ቤተ መጻሕፍቱ። አባዬ የእያንዳንዳቸውን ቦታ ሳይጠይቀኝ ቀጥ ብሎ ይሄድ ነበር። ትምህርቱ እንዴት አድርጎ አስተምሮታል ብዬ ተገረምኩ።

ከዚያ ወዲህ በየማለዳው ወጣሁ። በደሌን የምክስበት ሌላ መንገድ አላገኘሁም። አንድ ዓመት፣ ሁለት ዓመት፣ ትምህርት ቤት እስክጨርስ ድረስ ከአባዬ ጋር ጉንዳን ቆጠርኩ። ጉንዳን አንድ ዓይነት እንዳልሆነ፣ በዚያች አንድ እርምጃ መሬት ላይ ብቻ አምስት ዓይነት እንዳለ ያወቅነው በሦስተኛው ዓመት ነው። ዛሬ በዚያው አዳራሽ ቅዳሜ ቅዳሜ ያንን ትምህርት የምሰጠው እኔ ነኝ። ተማሪዎቼ ያወጡልኝን ቅጽል አልናገርም።

ባለፈው ወር የወላጆቼ ቤት ቀለም ሲቀባ ዕቃ ላነሣሣ ሄድኩና ከቁምሣጥኑ ግርጌ ያንን ደብተር አገኘሁት። እስከ ቀን አሥራ ሦስት ያለውን አውቀዋለሁ። ከዚያ ቀጥሎ በአባዬ ቀጥ ያለ የእጅ ጽሑፍ እንዲህ ይላል።

"ቀን አሥራ አራት። ቀንድ አውጣ፣ አራት። ከየት እንደመጡ አልታወቀም።

"ቀን አሥራ አምስት። ከየት እንደመጡ ታወቀ። አንዲት ሴት ልጅ። ዕድሜ ዘጠኝ ገደማ። ባዶ እግር። ሹራቧን ገልብጣ ለብሳለች። ሰው እንዳያያት ግራ ቀኝ ትቃኛለች፤ ፊት ለፊቷ መስኮቱ ላይ የቆምኩትን እኔን አላየችኝም። አልነካኋትም።

"ቀን አሥራ ዘጠኝ። እስከ እጥበት ቤቱ ቦይ ተከተልኳት። መንገድ ስትሻገር ወደ ግራም ወደ ቀኝም ታያለች። ወደ ኋላ አታይም። ስትመለስ እንቁራሪቱን ይቅርታ ጠየቀችው።"

ከዚያ በኋላ ሌላ ነገር የለም፤ እኔ ብቻ ነኝ። እንስሳቱን እንደ እኔ ጓዝ አድርጎ ነው የጻፋቸው። በአፉ አሥራ አንድ ሰው ፊት ዋሽቷል፤ በደብተሩ ግን አንዲት ቃል አልዋሸም። መጨረሻው ገጽ ላይ በቀይ ቀለም የቀስ በቀስ ጽሑፍ አለ። "ምልከታው ትክክል ነው። ዝርያው አልተገለጸም።" በገጹ መካከል የምስክር ወረቀት አለ፤ የአባዬ ስም አለበት፤ ከዚያች ቅዳሜ በኋላ በስምንተኛው ቀን ተፈርሟል። አራት ቦታ የታጠፈው እማዬ ልብስ እንደምታጥፈው ጥግ ለጥግ ነውና ማን እንዳጠፈው ገባኝ።

ሠላሳ ዓመት። ሠላሳ ዓመት ሙሉ አባቴን ወረቀት ያሳጣሁት እኔ ነኝ ብዬ ኖሬያለሁ።

ወረቀቱን ይዤ ጓሮ ወጣሁ። አባዬ አሁን ጆሮው ስለደከመ ጮክ ብዬ ነው የጠየቅኩት። ይኼን ሁሉ ዘመን ለምን ደበቅኸኝ አልኩት። ተናድጄ ነበር፤ እያለቀስኩም ነበር። አባዬ ወረቀቱን ተቀብሎ፣ እንደዚያች ብሎን ግራ ቀኝ አገላብጦ አየውና መለሰልኝ።

"ወረቀቱን ብታዪ ኖሮ ተማርኩ፣ ይቅር ተባልኩ ብለሽ በማግስቱ ማለዳ ትተኚ ነበር" አለ። "ብቻን ጉንዳን መቁጠር ደግሞ ይሰለቻል።"